በጡት ማስያዣ ላይ የተጻፈው ቁጥር ምን ይላል? የፈረንሳይ ልኬትና የአለካክ ዘዴው

በሞጣ ከተማ በገበያ ቀን ልባሽ ጨርቅ ከሚዘረጋበት ሸራ ፊት ጥቂት ደቂቃ የቆመ ሰው አንድ ነገር ያስተውላል። ሸሚዝ የሚመርጠው ሸሚዙን ከትከሻው ላይ ጥሎ ስፋቱን ያያል። ሱሪ የሚገዛው የሱሪውን ወገብ በአንገቱ ዙሪያ ጠምጥሞ ይለካል። ጫማ የሚፈልገው እግሩን ያስገባል። ጡት ማስያዣ የምትገዛ ሴት ግን ከክምሩ ውስጥ አንዱን ፈጥና ታነሣለች፤ በዐይኗ መጥና፣ ባጭሩ ተከራክራ፣ በነጠላዋ ሥር ሸሽጋ መንገዷን ትቀጥላለች። መለኪያ ክፍል የለም፤ ሻጩም ብዙ ጊዜ ወንድ ነው። ቤቷ ደርሳ ስትለብሰው የጠበባት ወይም የሰፋባት እንደሆነ መመለሱ ስለሚያሳፍር ወይ ትታገሠዋለች፣ ወይ ለእኅቷ ትሰጠዋለች።

ከዚህ ኪሳራ የሚያድናት ነገር በራሱ በልብሱ ላይ ተሰፍቶ ይገኛል። በጀርባ ማሰሪያው ውስጠኛ ገጽ ባለችው ትንሽ ቁራጭ ጨርቅ ላይ አንድ ቁጥርና አንድ የላቲን ፊደል ተጽፈዋል፤ 90 ቢ፣ 85 ሲ፣ 34 ቢ፣ 75 ዲ የሚሉ ናቸው። ችግሩ ያው አንድ ልክ በፈረንሳይ 90፣ በጀርመን 75፣ በእንግሊዝ 34 ተብሎ መጠራቱ ነው። ከልዩ ልዩ አገር የተሰበሰበ ልብስ በአንድ ሸራ ላይ በሚከመርበት ገበያ ልዩነቱን ያላወቀች ገዢ 15 ሴንቲ ሜትር ያህል ልትሳሳት ትችላለች። ይህም በወገብ ቢሆን ኖሮ ማንም ሰው ሱሪውን ጥሎት የሚሄድበት ልዩነት ነው።

የፈረንሳይ ቁጥር ለአካባቢው ሰው እንግዳ አይደለም። ሁሉም ሰው 38፣ 40፣ 42 እያለ የሚጠራው የጫማ ቁጥር መነሻው ፈረንሳይ ሲሆን እያንዳንዱ ቁጥር የአንድ ሴንቲ ሜትር ሁለት ሦስተኛ ነው። የጫማ ቁጥሩን የማያውቅ ሰው የለም ማለት ይቻላል፤ የጡት ማስያዣ ቁጥሯን የምታውቅ ሴት ግን ጥቂት ናት።

ቁጥሩና ፊደሉ

ቁጥሩ የሚናገረው ስለ ደረት ዙሪያ ነው፤ ፊደሉ ስለ ጡት መጠን ነው። እዚህ ላይ የደረት ዙሪያ ሲባል ከጡት ሥር በጎድን አጥንት ላይ የሚዞረው ልክ እንጂ ጡትን ጨምሮ የሚለካው አይደለም።

በጀርመንና በሌሎች ብዙ የአውሮፓ አገሮች ይህ ልክ በሴንቲ ሜትር ተለክቶ በአምስት በአምስት ይጠጋጋል። ከ73 እስከ 77 ሴንቲ ሜትር ያለው 75 ይባላል፤ ከ78 እስከ 82 ያለው 80 ይባላል። ፈረንሳዮች ግን በዚህ ላይ 15 ይጨምራሉ። ስለዚህ 75 የነበረው 90፣ 80 የነበረው 95 ይሆናል። ስፔንና ቤልጅየምም የሚከተሉት ይህንኑ የፈረንሳይ ቁጥር ነው። ጭማሪው ዝም ብሎ የተደረገ እንዳይመስል ሒሳቡን ማየት ይረዳል። ከጡት ሥር 75 የሆነች፣ ጡቷ ላይ ደግሞ 90 ገደማ የምትለካ ሴት በፈረንሳይ 90 ቢ ናት። ቁጥሩ መካከለኛ ጡት ያላትን ሴት የላይኛውን ልክ ይመስላል ማለት ነው፤ ግራ የሚያጋባውም ይኸው ነው። ገዢዋ 90ን አይታ ጡቷን ጨምራ ለክታ 90 ብታገኝ ልክ ነኝ ትላለች፤ ፊደሏ ዲ ከሆነ ግን ቁጥሩ አይሆናትም።

እንግሊዝና አሜሪካ በኢንች ልማድ ይሄዳሉ፤ ቁጥራቸው 30፣ 32፣ 34 እያለ በሁለት በሁለት ይጨምራል። ሦስቱን ጎን ለጎን ማስቀመጥ ይቻላል፦

የፈረንሳይ 80፣ የአውሮፓ 65፣ የእንግሊዝ 30
የፈረንሳይ 85፣ የአውሮፓ 70፣ የእንግሊዝ 32
የፈረንሳይ 90፣ የአውሮፓ 75፣ የእንግሊዝ 34
የፈረንሳይ 95፣ የአውሮፓ 80፣ የእንግሊዝ 36
የፈረንሳይ 100፣ የአውሮፓ 85፣ የእንግሊዝ 38
የፈረንሳይ 105፣ የአውሮፓ 90፣ የእንግሊዝ 40

አንዳንዱ ልብስ ሁሉንም ቁጥሮች በአንድ ላይ ይዞ ይመጣል። ከፈረንሳዩ ቁጥር አጠገብ ኤፍ አር፣ ከአውሮፓው አጠገብ ኢ ዩ፣ ከእንግሊዙ አጠገብ ዩ ኬ የሚሉ የላቲን ፊደላት ይጻፋሉ፤ እነዚህን አራተኛ ክፍል የደረሰች ልጅም ታነብባቸዋለች። አዲስ ሆኖ ከቻይና የሚመጣው ደግሞ 34/75 ወይም 36/80 የሚል ጥንድ ቁጥር ያለበት ሲሆን የኋለኛው ቁጥር የአውሮፓው ነው።

ፊደሉ የሚገኘው ጡት ላይ ከተለካው ከጡት ሥር የተለካው ሲቀነስ ነው። ልዩነቱ ከ12 እስከ 14 ሴንቲ ሜትር ከሆነ ኤ፣ እስከ 16 ቢ፣ እስከ 18 ሲ፣ እስከ 20 ዲ፣ እስከ 22 ኢ ይባላል። እስከ ዲ ድረስ ፊደሎቹ በየአገሩ ተቀራራቢ ናቸው። ከዲ በኋላ እንግሊዞች ድርብ ዲ የሚል ስለሚያስገቡ የፈረንሳዩ ኢ ከእነርሱ ድርብ ዲ ጋር ይገጥማል።

ፊደሉ ብቻውን ምንም አይናገርም። ዲ የተባለ ሁሉ ትልቅ ጡት ይመስላቸዋል የሚባሉ ብዙ ናቸው፤ ነገር ግን የ80 ዲ ማቀፊያ ከ100 ዲ ማቀፊያ እጅግ ያንሳል። ጡቱ የሚያርፍበት ክፍል ማለትም ማቀፊያው በ85 ሲ፣ በ90 ቢ እና በ95 ኤ ላይ ስፋቱ አንድ ነው፤ የሚለያየው የጀርባ ማሰሪያው ርዝመት ነው። ይህን ማወቅ ምርጫ በሌለበት ገበያ ትልቅ ጥቅም አለው። 90 ቢ የምትለብስ ሴት ልኳን ብታጣና 85 ሲ ብታገኝ፣ ማሰሪያው ትንሽ ቢጠብቅም ማቀፊያው ይሆናታል።

ፊደሎቹ ከቁጥሩ ዘግይተው የመጡ ናቸው። ኸርሚኒ ካዶል የተባለች ፈረንሳዊት ሆድንና ደረትን በአንድ ላይ ያጨቅ የነበረውን ጠንካራ ልብስ ለሁለት የከፈለችው እ.ኤ.አ. በ1889 ሲሆን፣ አሜሪካዊቷ ሜሪ ፌልፕስ ጃኮብ የራሷን ሥሪት በ1914 በፈጠራ መብት አስመዝግባለች። ከኤ እስከ ዲ ያሉትን ፊደላት ለጡት መጠን የሰጠው ደግሞ ኤስ ኤች ካምፕ የተባለው የአሜሪካ ኩባንያ በ1932 ነው።

በሜትር፣ ሜትር ከሌለም በሲባጎ

ለመለካት የልብስ ሰፊ ሜትር ይበቃል። የግንበኛው የብረት ሜትር ሰውነት ላይ ስለማይጠመጠም አያገለግልም። የልብስ ሰፊውም ሜትር የሌላት ሴት ሲባጎና የተማሪ ማስመሪያ ትጠቀም። ሲባጎውን በሰውነቷ ዙሪያ አዙራ፣ የሚገናኝበትን ቦታ በጣቷ ይዛ፣ ከዚያ በማስመሪያው ላይ ዘርግታ ትቆጥረዋለች። ሁለት ጥንቃቄ ያስፈልጋል። የሹራብ ክር ስለሚለጠጥ ለልኬት አይሆንም፤ ማስመሪያውም የሚጀምረው ዜሮ ከተጻፈበት መስመር እንጂ ከፕላስቲኩ ጫፍ አይደለም። 30 ሴንቲ ሜትሯን ማስመሪያ ሦስት ጊዜ ስታዞር ይህች ትንሽ ስሕተት ተደማምራ ቁጥሩን ልትቀይረው ትችላለች።

መጀመሪያ የሚለካው ከጡት ሥር ነው። መቀነት ይፈታል፤ ወፍራም ልብስ ይወልቃል። ሜትሩ ከጡት ሥር ወዲያውኑ ባለው የጎድን አጥንት ላይ ይዞራል፤ ከኋላም ከፊትም በአንድ ከፍታ ላይ መሆን አለበት። ብቻዋን የምትለካ ሴት ሜትሩ ከኋላ ዝቅ ማለቱን አታይምና እኅቷ ወይም ልጇ ብትይዝላት ይሻላል። አየር አውጥታ፣ ሜትሩ ሰውነቷን ሳይቆርጥ አጥብቃ ታነብባለች።

ቀጥሎ ጡቱ ጎላ ባለበት ቦታ ላይ ይለካል። እዚህ ላይ ሜትሩ አይጠብቅም፤ ሰውነትን ነክቶ ያርፋል እንጂ አይጫንም። ብዙ ልጅ አጥብታ ጡቷ የወረደ እናት፣ ስፖንጅ የሌለው ጡት ማስያዣ ለብሳ ወይም ከወገቧ ጎንበስ ብላ ብትለካ ቁጥሩ ወደ እውነቱ ይቀርባል።

ለምሳሌ አንዲት ሴት ከጡት ሥር 80፣ ጡት ላይ 97 ሴንቲ ሜትር አገኘች እንበል። 80 ላይ 15 ሲጨመር 95 ነው። ከ97 ላይ 80 ሲቀነስ 17 ይቀራል፤ 17 ሲ ነው። በፈረንሳይ ልኬት 95 ሲ፣ በአውሮፓ 80 ሲ፣ በእንግሊዝ 36 ሲ ናት። ይህች ሴት ከጀርመን የመጣ 95 ሲ ብትገዛ ማሰሪያው ከደረቷ በ15 ሴንቲ ሜትር ይሰፋና ከኋላ ወደ ላይ ይወጣባታል።

ክሩን ይዞ ገበያ መውጣት

ምልክቱ የደበዘዘ ወይም የተቆረጠ ሲሆን፣ አልያም አገሩ ሳይጠቀስ ቁጥሩ ብቻ ተጽፎ ሲገኝ ምን ይደረጋል? ከ30 እስከ 44 ያለ ጥንድ ቁጥር የእንግሊዝ ወይም የአሜሪካ ነው። 65፣ 70 እና 75 አብዛኛውን ጊዜ የአውሮፓ ናቸው። አጠራጣሪዎቹ ከ80 እስከ 105 ያሉት ሲሆኑ ከሁለቱም ወገን ሊሆኑ ይችላሉ፤ በክምሩ ውስጥም የማይጠፉት እነርሱ ናቸው።

ለዚህ መፍትሔው ከሁሉም ቀላል ነው። ሴቲቱ ቤቷ ሳለች ከጡት ሥር የለካችበትን ሲባጎ በልኳ ላይ ቋጥራ በቦርሳዋ ወይም በመቀነቷ ጫፍ ይዛ ትሄዳለች። ገበያ ላይ የወደደችውን ጡት ማስያዣ መንጠቆው ካለበት እስከ ማያያዣው ዐይን ድረስ ዘርግታ፣ ላስቲኩን በመጠኑ ሳብ አድርጋ ከክሩ ጋር ታስተያያለች። ሳይሳብ ከቋጠሮው ማነሱ፣ በመጠኑ ሲሳብ ቋጠሮው ላይ መድረሱ የልክ ምልክት ነው። ሳይሳብ ቋጠሮውን የሚያልፍ ከሆነ ሰፊ ነው፤ እስከ መጨረሻው ተስቦም የማይደርስ ከሆነ ጠባብ ነው። ልብሱን ማውለቅም ሆነ ለሻጩ ቁጥር መናገር አያስፈልግም። ቋንቋ አያሻውም፤ ፊደል ያልቆጠረች እናትም ትሠራበታለች።

በዚያው እጅ ላስቲኩ መፈተን አለበት። ተስቦ ሲለቀቅ ወደ ቦታው የማይመለስ ከሆነ ቁጥሩ ልክ ቢሆንም ዋጋ የለውም። ልባሽ ጨርቅን ለንግድ ወደ አገር ማስገባት የተከለከለ ቢሆንም ከገበያ እንዳልጠፋ ማንም ያያል፤ የገዛች ሴት ከመልበሷ በፊት በሙቅ ውኃና በሳሙና አጥባ ፀሐይ ላይ ታስጣው። ከዚያ በኋላ ባሉት እጥበቶች ግን ለብ ያለ ውኃና ጥላ ይሻላል፤ ሙቀት ላስቲክን ያደክማል።

ሲለበስ

ቤት ገብታ ስትለብሰው በመጀመሪያ የምታየው የጀርባውን ማሰሪያ ነው። ከፊት ካለው ጋር እኩል ከፍታ ላይ ከሆነና ሁለት ጣት ከሥሩ ከገባ ልክ ነው። ክብደቱን የሚይዘው በዋናነት ይህ ማሰሪያ ነው። ማሰሪያው ሲላላ ሸክሙ ሁሉ ወደ ትከሻ ማንገቻው ይዞርና ትከሻ ላይ ቦይ ያወጣል፤ ብዙዎች ይህን ሲያዩ ማንገቻውን ያሳጥራሉ፣ ሕመሙም ይብሳል። አዲስ ጡት ማስያዣ የሚቆለፈው በውጨኛው፣ ማለትም በሰፊው መንጠቆ ነው፤ ላስቲኩ በጊዜ ሲላላ ወደ ውስጠኞቹ ይዞራል። ጡቱ ከማቀፊያው በላይ ወይም በብብት በኩል ከፈሰሰ ፊደሉ አንሷል፤ ማቀፊያው ከተሸበሸበ ፊደሉ በዝቷል። ሁለት እጅ ወደ ላይ ሲነሣ ከሥር የሚወጣ ከሆነ ማሰሪያው ሰፍቷል።

ከሥሩ ሽቦ ያለው ዓይነት ለቢሮ ሠራተኛ ይስማማት ይሆናል። ቀኑን ሙሉ ጎንበስ ብላ ጤፍ ለምታርም፣ ጄሪካን በጀርባዋ አዝላ የሸክም ገመዱን በደረቷ ላይ ለምታሳልፍ ሴት ግን ሽቦው ከገመዱ ጋር ተደርቦ ጎድን ይወጋል። ለእርሷ ሰፊ ማሰሪያና ሰፊ ማንገቻ ያለው፣ ሽቦ አልባ ይመረጣል። በገበያ ቀን ብርና ሳንቲም በዚያው ጠቅልሎ መያዝም የተለመደ ነው፤ ሆኖም ሜትር ሲያዝ ገንዘቡ መውጣት እንዳለበት የማይዘነጋ አይደለም።

ለምታጠባ እናት ጉዳዩ ከምቾት ያልፋል። የጠበበ ማሰሪያ ወይም ሽቦ የወተት መውረጃውን ተጭኖ ወተት እንዲቋጥር፣ ከዚያም ጡት እንዲቆጣ ምክንያት ሊሆን ይችላል። ጡቷ ያበጠ፣ የቀላና ትኩሳት የያዛት እናት ወደ ጤና ተቋም መሄድ አለባት፤ ማጥባቷንም በራሷ ውሳኔ ማቆም የለባትም። ጡት ማስያዣ ካንሰር ያመጣል የሚለው ወሬ ግን ማስረጃ የለውም፤ እ.ኤ.አ. በ2014 በአሜሪካ የወር አበባቸው በቆመ ሴቶች ላይ የታተመ ጥናት በሁለቱ መካከል ግንኙነት አላገኘም። በጡት ላይ የሚገኝ እብጠት ከልብስ ጋር ሳይያያዝ መታየት አለበት።

በማደግ ላይ ያሉ ልጃገረዶች ልክ በጥቂት ወራት ይቀየራል። ባለፈው ዓመት የተገዛው ዛሬ የሚያንቅ ሆኖ ሳለ እናቷን መጠየቅ አፍራ፣ ከስፖርት ክፍለ ጊዜ የምትቀር ተማሪ ትኖራለች። እናት በቤት ውስጥ ሲባጎውን አውጥታ የራሷንም የልጇንም ብትለካ ነገሩ የጓዳ ወግ ሆኖ ያልፋል። ክሩም በእርግዝና ጊዜ፣ ከወሊድ በኋላና ጡት ከተጣለ በኋላ እንደገና ይቋጠራል።