በትዳር ውስጥ የተፈጸመ ጭካኔ በእርቅ ይዘጋል ወይ? የህንድ ሕግ ልምድ

ባል በሚስቱ ላይ የፈጸመው ጭካኔ ፖሊስ ጣቢያ ከደረሰ በኋላ፣ ሁለቱ ተስማምተው ክሱን ሊዘጉት ይችላሉ ወይ? በሽምግልና ላደግን ለእኛ መልሱ ቀላል ይመስላል። ህንድ ግን ከ40 ዓመት በላይ ስትከራከርበት ቆይታለች። እኔ መሐንዲስ እንጂ የሕግ ሰው አይደለሁም። ሆኖም ጉዳዩ ከህንዳውያን የሥራ ባልደረቦቼ ጋር ስንጨዋወት ደጋግሞ ስለተነሳ፣ ማታ ማታ ካነበብኩት ይጠቅማል ያልኩትን እነሆ። (የህንዱ ዘመናት በሙሉ እንደ አውሮፓ አቆጣጠር ናቸው።)

ሕጉ ምን ይላል?

የእኛ ጥሎሽ ከሙሽራው ወደ ሙሽሪት ይሄዳል። በህንድ ግን የሚሰጠው የሙሽሪት ቤተሰብ ነው። በ1961 በሕግ ቢከለከልም አልቀረም፤ “ጨምሪ” እየተባሉ የሚሰቃዩ ሚስቶች በዙ። በዚህም የተነሳ በ1983 የወንጀለኛ መቅጫ ሕጉ ላይ አንቀጽ 498-ኤ ተጨመረ። ሚስቱን በጭካኔ የሚይዝ ባል ወይም የባል ዘመድ እስከ 3 ዓመት እስራትና መቀጮ ይጠብቀዋል። ፖሊስ ያለ ፍርድ ቤት ማዘዣ ሊይዝ ይችላል፤ ዋስትና መብት ሳይሆን በፍርድ ቤቱ ፈቃድ የሚሰጥ ነው፤ ከሁሉም በላይ ከሳሿ “ታርቀናል” ብላ ክሱን ማንሳት አትችልም። ከሐምሌ 1 ቀን 2024 ጀምሮ ድንጋጌው በአዲሱ ሕግ አንቀጽ 85 እና 86 ሆኗል።

በሩ እንዴት ተከፈተ?

ችግሩ እዚህ ላይ ነው። ባልና ሚስት ተፋትተው፣ ንብረት ተካፍለው ሁሉም ነገር ካለቀ በኋላ የወንጀሉ መዝገብ ብቻ ሳይዘጋ ለዓመታት ይጓተታል። በ2003 ጠቅላይ ፍርድ ቤቱ በጆሺ ጉዳይ፣ ሚስቲቱ ራሷ መስማማቷን ካረጋገጠች የክፍለ ሀገር ከፍተኛ ፍርድ ቤት ባለው ሥልጣን መዝገቡን ሊዘጋ ይችላል ሲል ወሰነ። በ2012 በጊያን ሲንግ ጉዳይ ይህን አጸና፤ ነፍስ ግድያን፣ አስገድዶ መድፈርንና ውንብድናን የመሳሰሉ ከባድ ወንጀሎች ግን በስምምነት እንደማይዘጉ ገለጸ። አንድራ ፕራዴሽ ደግሞ በ2003 በፍርድ ቤት ፈቃድ መታረቅን ፈቅዳ፣ ከጥያቄው በኋላ ቢያንስ 3 ወር እንዲጠበቅ ደንግጋ ነበር።

አሠራሩ

ስምምነቱ ብዙ ጊዜ በአስታራቂ ማዕከል በጽሑፍ ይዘጋጃል፦ ለሚስት የሚከፈለው ገንዘብ፣ የሚመለስላት የራሷ ንብረት፣ የልጆች አያያዝ፣ የሚነሱት ሌሎች ክሶች። ለሂንዱዎች የስምምነት ፍቺ ሁለት ማመልከቻ ይፈልጋል፤ በመካከሉ 6 ወር ይጠበቃል። ከ2017 ወዲህ ግን ፍርድ ቤት ይህን ጊዜ ሊያነሳው ይችላል። ታዲያ ማን ይቅደም? እርሷ ቀድማ ብትፈርም ገንዘቡ ሊቀርባት ነው፤ እርሱ ሁሉንም ቀድሞ ቢከፍል ክሱ ላይዘጋለት ነው። ስለዚህ እንደ ግንባታ ውል ክፍያው በየደረጃው ይከፈላል፤ የመጨረሻው መዝገቡ ሲዘጋ ይሰጣል። ዳኛውም ሴትዮዋ በራሷ ፈቃድ መስማማቷን ያጣራል። ጠቅላይ ፍርድ ቤቱ በ2013 እንዲህ ያለ ክስ የመስማማት ተስፋ ካለው ወደ አስታራቂ ይመራ ሲል፣ ጥፋተኛው ከሕግ ማምለጫ እንዳያደርገው ዳኞች እንዲጠነቀቁ አሳስቧል።

ለእኛስ?

በአገራችንም በ1996 ዓ.ም. የወጣው የወንጀል ሕግ፣ አንቀጽ 564፣ በትዳር ጓደኛ ላይ የሚፈጸምን የኃይል ድርጊት ወንጀል አድርጎታል። ሽማግሌ ሲቀመጥ ግን ብዙውን ጊዜ የሚሰማው “ለልጆችሽ ብለሽ ቻይው” ነው። በአሜሪካ የምንኖር ደግሞ ክሱ የዐቃቤ ሕግ እንጂ የሚስት አለመሆኑን ማወቅ ይገባናል፤ ሽማግሌ ሊዘጋው አይችልም። “ዋሽቼ ነው በይ” ብሎ መገፋፋት ራሱ ወንጀል ሊሆን ይችላል።

እኔ እርቅን አልቃወምም። ነገር ግን የህንዱ እርቅ በአብዛኛው ሴትዮዋ ካሳዋን ይዛ እንድትወጣ የሚያደርግ መሆኑን ልብ ይሏል፤ የእኛው ወደ መቺዋ የሚመልሳት ነው። ስለዚህ ሽማግሌ ሆኖ የሚቀመጥ ሁሉ ሦስት ነገር ይጠይቅ፦ ባሏም ዘመድም በሌለበት ለብቻዋ ተጠይቃለች ወይ? የተስማማችበት በጽሑፍ ሰፍሮ በእጇ አለ ወይ? ነገ እንደገና ቢመታት ማን ይጠየቃል? ለእነዚህ መልስ ከሌለ የታረቀ ሰው የለም፤ ዝም ያለች ሴት እንጂ።