የማይክሮፋይበር ፎጣ አጠባብና አያያዝ ሕመምተኛ ባለበት ቤት

ማይክሮፋይበር ፎጣ ከጥጥ ሳይሆን ከፖሊስተርና ከናይሎን የሚሠራ፣ ክሩ ከሰው ፀጉር በብዙ እጥፍ የቀጠነ ፎጣ ነው። ብዙውን ጊዜ ከአምስት እጅ አራቱ ፖሊስተር ሲሆን አንዱ እጅ ናይሎን ነው። ክሩ በጣም ቀጭንና የተሰነጣጠቀ በመሆኑ ውሃን፣ ቅባትንና ቆሻሻን በመሃሉ ይይዛል። ጥቅሙም ችግሩም ከዚሁ ይመነጫል። ከገላ ወይም ከጠረጴዛ ላይ ያነሣውን ተህዋስ በቀላሉ አይለቅም፤ በደንብ ካልታጠበ ደግሞ ያንኑ ይዞ ወደሚቀጥለው ሰው ይሄዳል።

ስለ ፎጣ አጠባብ በጤና መረጃ ላይ መጻፍ ለአንዳንድ አንባቢ ትንሽ ነገር ሊመስል ይችላል። በአንድ ክፍል ውስጥ አራትና አምስት ሰው በሚኖርበት፣ ውሃ በጀሪካን በሚቀዳበትና አንድ ሳፋ ለሁሉም በሚያገለግልበት ቤት ግን ትንሽ ነገር አይደለም። እንጦጦን ምሳሌ የምናደርገውም በዚህ ምክንያት ነው። ለጠበል ከየክፍለ ሀገሩ የሚመጡ ሕመምተኞችና አስታማሚዎቻቸው በአካባቢው ቤት ተከራይተው ለሳምንታት፣ አንዳንዶቹም ለወራት ይቆያሉ። ብርዱ ከባድ ነው፤ ልብስ ቶሎ አይደርቅም።

ፎጣ የሚያስተላልፈውና የማያስተላልፈው

ከሁሉ በፊት ይህን እናስቀድም። ኤች አይ ቪ በፎጣ አይተላለፍም። ቫይረሱ ያለበት ሰው የነካው ፎጣ፣ የተቀመጠበት ወንበር ወይም የበላበት ሳህን ለቤተሰቡ አደጋ የለውም። የሳንባ ነቀርሳም የሚተላለፈው በሳልና በትንፋሽ፣ በአየር አማካይነት እንጂ በፎጣ አይደለም። ስለዚህ የታመመ ወንድምዎን ፎጣ ለብቻ በሩቅ መስቀል፣ በተለየ ሳፋ «እንዳይነካካ» ማጠብ ከበሽታ አይጠብቅዎትም። እሱን ግን ይሰብረዋል። እያንዳንዱ የቤተሰብ አባል የየራሱ ፎጣ ቢኖረው ጥሩ ነው። ይህ ደንብ ለሁሉም እኩል መሆን አለበት፤ ለሕመምተኛው ብቻ የሚሠራ ከሆነ ንጽህና መሆኑ ቀርቶ ማግለል ይሆናል።

በፎጣ የሚተላለፉት ሌሎች ናቸው። በተለምዶ የዓይን ማዝ የሚባለው ትራኮማ አንዱ ነው። ኢትዮጵያ በዓለም ላይ ትራኮማ እጅግ ከሚበዛባቸው አገሮች ግንባር ቀደም ናት፤ የአማራ ክልልም ለረጅም ጊዜ ከፍተኛ ጫና ያለበት አካባቢ ነው። ከሕፃን ዓይን የወጣ ፈሳሽ በእጅ፣ በዝንብና በጋራ ፎጣ ወደ ሌላው ሕፃን ይሄዳል። ፎጣ ስንል በሱቅ የተገዛውን ብቻ ማለታችን አይደለም። እናት የአንዱን ልጅ ፊት በነጠላዋ ጫፍ ጠርጋ በዚያው የሌላውን ብትጠርግ ነጠላው ፎጣ ሆነ ማለት ነው። ዓይን የሚያቀላው ተላላፊ ሕመምም በዚሁ መንገድ ይሄዳል።

እከክ፣ ጭርት፣ መግል የያዘ የቆዳ ቁስልና የልብስ ቅማልም አሉ። የልብስ ቅማል በአገራችን ግርሻና ተስቦ የሚባሉትን ትኩሳቶች ስለሚያስተላልፍ የማሳከክ ጉዳይ ብቻ ተደርጎ መታየት የለበትም። አልማዝ ባለጭራ የወጣበት ሰው ውሃ የቋጠረው ቁስል እስኪደርቅ ድረስ ፎጣውን ለብቻው ሊይዝ ይገባል፤ ፈሳሹ ጉድፍ ይዞት የማያውቅን ሰው በተለይም ሕፃንን ጉድፍ ሊያስይዝ ይችላል።

ለየትኛው ሥራ ማይክሮፋይበር፣ ለየትኛው ጥጥ

ማይክሮፋይበር እንጦጦን ለመሰለ ብርዳም ቦታ አንድ ትልቅ ጥቅም አለው፤ ቶሎ ይደርቃል። በክረምት ወፍራም የጥጥ ፎጣ ሁለት ቀን ተሰጥቶም እርጥበቱን ላይለቅ ይችላል። እርጥብ ሆኖ የቆየ ፎጣ ደግሞ ይሸታል፤ ሽታው በውስጡ የሚራቡት ባክቴሪያና ሻጋታ ምልክት ነው። ማይክሮፋይበር ቀላል ስለሆነ በእጅ ለመጭመቅም አያደክምም፤ ለማለቅለቅም ብዙ ውሃ አይፈጅም። ውሃ በፈረቃ ለሚመጣበት ቤት ይህ ቀላል አይደለም።

ይሁን እንጂ ለፊት፣ ለሕፃንና ቁስል ላለበት ገላ ጥጥን እንመርጣለን። የማይክሮፋይበር ክር የደረቀና የተሰነጣጠቀ ቆዳን ያዝ ያዝ ያደርጋል። ከታች እንደምናየው ጥጥ መቀቀልን ይችላል፤ ማይክሮፋይበር ግን አይችልም። አዲስ የጥጥ ፎጣ መግዛት ግድ አይደለም። ሽሮ ሜዳ ተገዝቶ ለዓመታት የተለበሰና የሳሳ ነጠላ ተቆራርጦ ጠርዙ ቢሰፋ ለሕመምተኛ ፊት ከማንኛውም የሱቅ ፎጣ ይለሰልሳል። ማይክሮፋይበሩን ለጤነኛ ገላ፣ ለፀጉርና ለቤት መወልወያ ያድርጉት። የገላውና የመወልወያው በቀለም ቢለዩ ስህተት አይፈጠርም።

ማይክሮፋይበር ለገላ ሲጠቀሙ አይፈትጉ፤ ጫን ጫን እያደረጉ ውሃውን ያስመጥጡት። ከጠበል በኋላ በፎጣ መድረቅ የማይፈልግ ሕመምተኛ ካለ እርጥቡን ልብስ አውልቆ ደረቅ ልብስና ጋቢ መልበሱን ያረጋግጡ። የተዳከመ ሰው በዚያ ብርድ እርጥብ ልብስ ለብሶ መቆየት የለበትም።

የዘወትር አጠባብ

የገላ ፎጣ ከሦስት ወይም ከአራት ጊዜ አገልግሎት በኋላ ይታጠብ። የቆዳ ወይም የዓይን ሕመም ያለበት ሰው ፎጣ ግን በየቀኑ መታጠብ አለበት።

ማይክሮፋይበርን ከጥጥ ጋር አንድ ላይ አይዘፍዝፉ። ከጋቢና ከነጠላ የሚረግፈው የጥጥ ብናኝ በክሮቹ መሃል ገብቶ ይቀራል፤ ከዚያ በኋላ ፎጣው ውሃ መምጠጥ ይቀንሳል። ትንሽ የዱቄት ወይም ፈሳሽ ሳሙና ለብ ባለ ውሃ ውስጥ አሟሙተው ለግማሽ ሰዓት ይዘፍዝፉ፤ ከዚያም አሽተው ይጠቡ። ደረቅ የልብስ ሳሙና ፎጣው ላይ በቀጥታ ማሸት ብዙ ሰው የሚያደርገው ነገር ነው፤ ነገር ግን የሳሙናው ቅባት በክሩ ላይ ይቀራል። ሌላ ሳሙና ከሌለ ፈቅፍቀው በሙቅ ውሃ አሟሙተው ይጠቀሙበት። የልብስ ማለስለሻ ፈጽሞ አይጨምሩ፤ ክሩን በስሱ ሸፍኖ ፎጣውን ከጥቅም ውጭ ያደርገዋል። ውሃው አረፋ መስጠት እስኪያቆም ሁለት ሦስት ጊዜ ያለቅልቁ። በክሩ ውስጥ የቀረ ሳሙና የሚያሳክክ ቆዳ ላለበት ሰው ሌላ ሕመም ነው።

ሙቅ ውሃ፣ እስከ ምን ድረስ?

እናቶቻችን የሕመምተኛ ጨርቅ ይቀቅሉ ነበር፤ ትክክል ነበሩ። ውሃ በባሕር ወለል ላይ በ100 ዲግሪ ይፈላል። መሃል አዲስ አበባ ላይ በ92 ዲግሪ ገደማ፣ ከፍታው 3,000 ሜትር በሚደርሰው እንጦጦ ደግሞ በ90 ዲግሪ አካባቢ ይፈላል። ይህ ልዩነት ለጨርቅ አያሳስብም፤ የእከክ ተባይም ሆነ ቅማል ከዚያ በጣም ባነሰ ሙቀት ይሞታል። ጥጥ ከሆነ ሳይጨነቁ ለአሥር ደቂቃ ይቀቅሉት።

ማይክሮፋይበር ግን በፍል ውሃ ክሩ ይበላሻል፤ ይደርቃል፣ ይሻክራል። ጠርዙ ላይ የተሰፋው ምልክት ሌላ ካላለ 60 ዲግሪን ጣሪያ አድርገው ይያዙት። ቤት ውስጥ የሙቀት መለኪያ ስለማይኖር በዚህ መንገድ ይገምቱ፦ ሁለት እጅ የፈላ ውሃ ከአንድ እጅ የቧንቧ ውሃ ጋር በሳፋ ሲቀላቀል፣ ፎጣውም ሲገባበት፣ በእንጦጦ ብርድ ወደ 60 ዲግሪ ይጠጋል። ሳፋውን ከድነው ለ15 ደቂቃ ያቆዩት። ይህ ሙቀት እጅን በሰከንዶች ውስጥ ያቃጥላል፤ በእንጨት እንጂ በእጅ አያገላብጡ፤ ሕፃናት ካሉ ሳፋውን መሬት ላይ ትተው አይሂዱ።

በረኪና

በረኪና ናይሎኑን ቀስ በቀስ ስለሚበላው ለማይክሮፋይበር አይመከርም። ደም፣ መግል ወይም ተቅማጥ የነካውን ፎጣ በተመለከተ ምክራችን አጭር ነው፦ ለእንዲህ ያለው ሥራ መጀመሪያውኑ ጥጥ ይጠቀሙ። ማይክሮፋይበሩ ድንገት ከተበከለ ግን የፎጣው ዕድሜ ከሰው ጤና ስለማይበልጥ በረኪና ቢነካው አይቆጩ።

አሠራሩ እንዲህ ነው። ጓንት ያድርጉ፤ ከሌለ ሳይቀዳደድ እጅ ላይ የሚታሰር ንጹሕ ፌስታል ይሻላል። ጠጣሩን ቆሻሻ ወደ መጸዳጃ አራግፈው ፎጣውን በሳሙናና በሙቅ ውሃ በእንጨት እያገላበጡ ይጠቡ። የመጀመሪያው እጥበት አይዘለል፤ በረኪና ቆሻሻ ላይ ሲፈስ ኃይሉን ያጣል። ቀጥሎ በ10 ሊትር ቀዝቃዛ ውሃ 100 ሚሊ ሊትር በረኪና፣ ይኸውም ከግማሽ ሊትር የሃይላንድ ጠርሙስ አንድ አምስተኛውን፣ ይጨምሩና ለ30 ደቂቃ ይዘፍዝፉ። ይህ ልክ የሚሠራው ጠርሙሱ ላይ 5 በመቶ ለሚል በረኪና ነው። ከዚያ በደንብ አለቅልቀው ፀሐይ ላይ ያስጡ። በረኪናን ከሙቅ ውሃ፣ ከኮምጣጤ ወይም ከሌላ የመጸዳጃ ማጽጃ ጋር መቀላቀል መርዛማ ጋዝ ሊያወጣ ይችላል። በተዘጋ ክፍል ውስጥ፣ በተለይ የሳል ሕመምተኛ አጠገብ አይጠቀሙበት።

እከክ ቤት ሲገባ

በ2008 ዓ.ም. በኤልኒኖ ድርቅ ወቅት እከክ በአማራ ክልል ብዙ ወረዳዎች ተዛምቶ ነበር፤ ውሃ ሲጠፋ መታጠብም ልብስ ማጠብም እንደሚቀር ያኔ ታይቷል። በሽታው ሰዎች ተጠጋግተው በሚኖሩበት የኪራይ ክፍል በቀላሉ ይዛመታል። የበሽታ መከላከል አቅሙ በጣም በተዳከመ ሰው ላይ ደግሞ ቅርፊት የሚሠራ ከባድ ዓይነት ሊወጣ ይችላል። በዚህኛው ዓይነት በአንድ ሰው ቆዳ ላይ እጅግ ብዙ ተባይ ስለሚኖር ፎጣውና አንሶላው በእርግጥ አደገኛ ነው።

ዋናው ሕክምና ከጤና ጣቢያ የሚሰጠው ቅባት ወይም ክኒን ነው፤ ፎጣ ማጠብ ብቻውን አያድንም። በቤቱ ያለው ሰው ሁሉ፣ የማያሳክከውም ጭምር፣ በአንድ ቀን መታከም አለበት። በዚያው ቀን ባለፉት ሦስት ቀናት የተነኩ ፎጣ፣ አንሶላና ልብስ በሙሉ ከ50 ዲግሪ በላይ በሆነ ውሃ ይታጠቡ፤ ከላይ የተጠቀሰው የሁለት ለአንድ ቅልቅል ለዚህ ይበቃል። መታጠብ የማይችለውን ብርድ ልብስ በፌስታል ጠቅልለው አስረው ያስቀምጡ። ብዙ ቦታ ሦስት ቀን ይበቃል ይባላል፤ ተባዩ በብርድና በእርጥበት ውስጥ ዕድሜው ስለሚረዝም በእንጦጦ አየር ሙሉ ሳምንት ቢቆይ ይሻላል። ማሳከኩ ከሕክምናው በኋላ ለሁለት እስከ አራት ሳምንት ሊቀጥል ይችላል፤ ስለዚህ ቶሎ ተስፋ ቆርጠው ፎጣውን ማቃጠል አያስፈልግም።

እንዶድ

ሳሙና ሲወደድ ወደ እንዶድ የሚመለሱ ቤቶች አሉ፤ ለጋቢና ለነጠላ የቆየና የተመሰከረለት ነው። ዶክተር አክሊሉ ለማ በ1964 እ.ኤ.አ. አድዋ ውስጥ ሴቶች በእንዶድ ልብስ ከሚያጥቡበት ቦታ ዝቅ ብሎ ቀንድ አውጣዎች ሞተው ያዩትም በዚሁ ልማድ ምክንያት ነው፤ ከዚያ በኋላ ተክሉ ብልሃርዝያን ለመቆጣጠር ተጠንቷል። ለማይክሮፋይበር ከተጠቀሙበት ግን የተወቀጠውን ዘፍዝፈው በጨርቅ አጥልለው ውሃውን ብቻ ይውሰዱ፤ ገለባው በክሩ መሃል ከገባ አይወጣም። ዓይን ያቃጥላል፤ ሲዋጥም መርዝ ነው። እጣቢውን ወንዝ ውስጥ አይድፉ፤ ቀበናና ቀጨኔ ከእንጦጦ ተነሥተው ወደ ከተማው የሚወርዱ ናቸው።

ማድረቅና መጣል

ፎጣውን ሳያጣጥፉ ዘርግተው ነፋስ በሚያገኘው ገመድ ላይ ያስጡ፤ የሁለት ሰው ፎጣ አይደራረብ። ማብሰያው አጠገብ፣ ጭስ ውስጥ ወይም ከሰል ላይ አያንጠልጥሉት፤ ማይክሮፋይበር ፕላስቲክ ነው፤ ይቀልጣል፣ እሳትም ይይዛል። አይተኩስም። በክረምት ፀሐይ ካልወጣ በደረቅ ጥጥ ጨርቅ ጠቅልለው አጥብቀው ይጭመቁት፤ ከዚያ ቤት ውስጥ በመስኮት አጠገብ ቢሰቀል እስከ ማግስቱ ይደርቃል። ከታጠበ በኋላም የሚሸት፣ የሻከረ ወይም ውሃ የማይመጥ ፎጣ ለገላ መሆኑ ያብቃና ለወለል ይዋል።

ወደ ጤና ጣቢያ መቼ?

በአንድ ቤት ከአንድ ሰው በላይ ሌሊት የሚብስ ማሳከክ ከጀመረው፣ የሕፃን ዓይን መግል ከያዘ ወይም ሽፋሽፍቱ ወደ ውስጥ ከታጠፈ፣ ቁስል ዙሪያው ከቀላና ከሞቀ፣ ቅማል ባለበት ቤት ድንገተኛ ኃይለኛ ትኩሳት ከመጣ ሳይውሉ ሳያድሩ ይሂዱ። ጠበል ላይ ያለ ሕመምተኛም የጸረ ኤች አይ ቪም ሆነ የነቀርሳ መድኃኒቱን ማቋረጥ የለበትም። መድኃኒቱ በአገራችን ከ1997 ዓ.ም. ጀምሮ በነጻ ይሰጣል። ፓትርያርኩ አቡነ ጳውሎስም በሕይወት ሳሉ ጠበልና መድኃኒት አብረው ሊወሰዱ እንደሚችሉ በይፋ ተናግረዋል። የመድኃኒቱን ብልቃጥ ከእርጥብ ፎጣና ልብስ ጋር በአንድ ቦርሳ አይያዙ፤ እርጥበት ክኒኑን ያበላሸዋል።