የርስት ዋጋና የካሣ ልክ



መንግሥት መንገድ ሲያወጣ፥ ትምህርት ቤት ሲሠራ፥ ፋብሪካ ሲተክል መሬት ያስፈልገዋል። ያ መሬት ደግሞ አብዛኛውን ጊዜ ባዶ አይደለም፤ ጢስ የሚወጣበት ጎጆ፥ ገብስ የሚዘራበት ማሳ ይገኝበታል። ባለቤቱ ለሕዝብ ጥቅም ልቀቅ ሲባል የሚሰጠው ካሣ በምን ሲለካ እንደኖረ ደብረ ብርሃንን ምሳሌ አድርገን ዛሬ እንመለከታለን።

ጥያቄው ጥንታዊ ነው። ንጉሥ አክዓብ የናቡቴን የወይን ቦታ በፈለገ ጊዜ በመጀመሪያ ያቀረበው ሐሳብ ክፉ አልነበረም፤ ወይ በምትኩ የተሻለ ቦታ፥ ወይ ግምቱን በብር ልስጥህ አለው። የዛሬዎቹ ሕጎችም ቢሆኑ ከነዚህ ከሁለቱ እምብዛም የራቀ መንገድ አላገኙም። ናቡቴ ግን የአባቶቼን ርስት አልሰጥም አለ፤ ፍጻሜውንም ሁላችሁ ታውቁታላችሁ። «በሺህ ዓመቱ ርስት ለባለቤቱ» ለሚለው ለኛ ሕዝብ የናቡቴ መልስ እንግዳ አይሆንበትም።

ደብረ ብርሃን ከ1426 እስከ 1460 ዓ.ም. የነገሡት ዐፄ ዘርዐ ያዕቆብ መናገሻቸውን ያደረጉባት ከተማ ናት። በጥንቱ ሥርዐት ንጉሥ ለመኳንንት የሚሰጠው ጉልት ነበር፤ ይኸውም ከመሬቱ ግብር የመብላት መብት ነውና ሹመቱ ሲነሣ አብሮ ይነሣል። ርስት ግን ከአባት ወደ ልጅ የሚወርድ ነበር። ጉልት በመስጠትና በመንሣት ለኖረ መንግሥት ርስትን በዋጋ ማስለቀቅ አዲስ ነገር ነው።

ይህን አዲስ ነገር በጽሑፍ ካሰፈሩት ሕጎች አንዱ የ1923 ዓ.ም. ሕገ መንግሥት ሲሆን በ27ኛው አንቀጽ ሕግ ከወሰነው የሕዝብ ጥቅም በቀር ማንም የሰውን ንብረት እንዳይወስድ ከልክሏል። ስለ ካሣው አበክሮ የተናገረው ግን የ1948ቱ ነው። በ44ኛው አንቀጽ የሚኒስትሮች ምክር ቤት ያጸደቀው ትእዛዝ በነጋሪት ጋዜጣ ካልወጣ፥ ትክክለኛ ካሣም ካልተከፈለ ንብረት አይወሰድም አለ፤ ሁለቱ ወገኖች በዋጋው ካልተስማሙ ልኩን የሚቆርጠው በሕግ የተደነገገ የዳኝነት ሥርዐት ነው። ፈረንሳዊው የሕግ ሊቅ ረኔ ዳቪድ ያረቀቁት የ1952ቱ የፍትሐ ብሔር ሕግ ደግሞ በ1474ኛው ቁጥር ካሣው ከደረሰው እውነተኛ ጉዳት ጋር እኩል እንዲሆን ደነገገ። በዚህ ሁሉ መሬቱ ራሱ የባለቤቱ ነውና ዋጋ ነበረው።

የካቲት 25 ቀን 1967 ዓ.ም. የወጣው የገጠር መሬት አዋጅ ይህን ገለበጠው። መሬት የሕዝብ ሀብት ሆነ፤ ስለ መሬቱ ካሣ አይከፈልም፥ በላዩ ስላለው ቋሚ ሥራና ተንቀሳቃሽ ንብረት ግን ይከፈላል ተባለ። ለጭሰኛው ትልቅ ዕለት ነበረ፤ ይሁን እንጂ የካሣ ሚዛን ከአፈሩ ተነሥቶ በአፈሩ ላይ ወዳለው ነገር የዞረው ያን ጊዜ ነው። የ1987ቱ ሕገ መንግሥትም በ40ኛው አንቀጽ መሬትን የመንግሥትና የሕዝብ አድርጎ፥ ሰው በጉልበቱና በገንዘቡ ላፈራው ንብረት ተመጣጣኝ ካሣ አስቀድሞ እንዲከፈለው አዘዘ።

እንግዲህ መሬቱ ዋጋ ከሌለው ገበሬው ያጣው ምንድን ነው? ሕጉ የመረጠው መልስ የዓመት ገቢ ነው። አዋጅ ቁጥር 455/1997 ለዘለቄታው ለሚነሣ ገበሬ የአምስት ዓመት ገቢውን አማካይ በ10 አባዛለት። አዋጅ ቁጥር 1161/2011 ተመጣጣኝ ምትክ መሬት ላልተገኘለት ሰው የመጨረሻዎቹን ሦስት ዓመታት ከፍተኛውን ገቢ ወስዶ በ15 አባዛ። ልዩነቱ በምሳሌ ይታይ። የአንድ ገበሬ የአምስት ዓመት ገቢ በተራ 20፥ 24፥ 30፥ 36፥ 40 ሺህ ብር ቢሆን፥ በፊተኛው ሕግ 300 ሺህ፥ በኋለኛው 600 ሺህ ብር ያገኛል። ማሳው ያው፥ ምርቱም ያው ሆኖ፥ ሒሳቡን የያዘው ደንብ ብቻ እጥፍ አደረገው።

በደብረ ብርሃን ዙሪያ ይህ ሒሳብ የቃል ብቻ አይደለም። ዩኒቨርሲቲው፥ ሁለቱ የቢራ ፋብሪካዎች፥ በ2011 ዓ.ም. የተመረቀውም የኢንዱስትሪ ፓርክ ከተማዋን ወደ ገብሱና ወደ ባቄላው ማሳ ገፍተዋታል። ልማቱ ለአገር ይበጃል፤ አልክድም። ነገር ግን በዚያ ብርዳም ደጋ የገበሬው ገቢ እህል ብቻ አይደለም። በጎቹ የሚግጡት ሣር፥ ለከብት የሚሆነው ገለባ፥ ምድጃውን የሚያሞቀው ኩበት ሁሉ ወደ ገበያ ሳይወጣ በቤት የሚያልቅ ገቢ ነው። ገማቹ ገበያ የወጣውን ብቻ ከቈጠረ፥ በ15 የሚባዛው ቁጥር ከመነሻው ጐደሎ ነው። በሌላ በኩል ማሳው በገብስ ልክ ተገምቶ ከተለቀቀ በኋላ በከተማ ቦታ ዋጋ በሊዝ ሲተላለፍ፥ በመካከል ያለው ትርፍ ወደ ተነሺው አይመለስም። ለእኔ ከሁሉ የሚከብደው ይህ ነው።

የ2011ዱ አዋጅ ቅሬታ ሰሚ አካልና ይግባኝ ሰሚ ጉባኤ እንዲቋቋሙ አዟል። ሆኖም ስሌቱን ያላየ ሰው በምኑ ላይ ቅሬታ ያቀርባል? የማሳው ስፋት፥ የየዓመቱ ምርት፥ የተወሰደውም የገበያ ዋጋ የተጻፈበት ወረቀት ገንዘቡ ከመከፈሉ በፊት ለባለይዞታው ቢሰጥና ማንበብ ለማይችለው በጎረቤቶቹ ፊት ቢነበብለት፥ ሥራው የጽሕፈት ቤት ነው፤ ወጪውም የአንድ ቀለምና የአንድ ወረቀት ነው።