የበቀቀኗ ድርሻ

ጠዋት ጠዋት ከግቢያችን አጥር ላይ የፓፓያ ቁራጭ አኖራለሁ። አረንጓዴዋ፣ ባለ ጥቁር ክንፏ በቀቀን ግንባሩ ከቀላው ባሏ ጋር ትመጣለች። እናቴ «ለሰው የጠፋ ፍሬ ለወፍ!» ትለኛለች።

ለመሆኑ እንግዳው ማነው? ይህች ወፍ በዱር የምትኖረው በኢትዮጵያና በኤርትራ ደጋ ብቻ ነው። «ታራንታ» የሚለውን ሳይንሳዊ ስሟን ያገኘችው ከኤርትራው ተራራ መተላለፊያ ሲሆን፣ እንግሊዛዊው ሄንሪ ሶልት በ1814 እ.ኤ.አ. ባሳተመው የጉዞ መጽሐፍ ውስጥ ተገልጻለች። ምግቧ የጽድ ፍሬና ሾላ ነው።

አዲስ አበባ በ1879 ዓ.ም. ስትቆረቆር እንጦጦ የጽድና የወይራ ጫካ ነበረው። ቆርጠን ማገድነው። የማገዶ እጦት ከተማዋን ሊያስለቅቅ ሲደርስ ባሕር ዛፍ ታደገን፤ ለእኛ እንጂ ለበቀቀኗ የሚሆን ፍሬ ግን የለውም።

እናቴን የምመልስላት እንዲህ ነው፦ ምጽዋት አይደለም፤ የቦታዋ ኪራይ ነው።