የጥፋት ውሃና የጋይንት ድንጋይ

በአያቴ ማሳ ዳር ያለው ካብ ከድብልብል ድንጋይ የተሠራ ነው። ላይ ጋይንትም ሂዱ፣ ስማዳም፣ እስቴም፣ ገበሬው ከእርሻው እየለቀመ የሚክበው ይኼንኑ ጥቁርና ክብ ድንጋይ ነው። ልጅ ሳለሁ «ማን ነው ያድበለበለው?» ብዬ አያቴን ጠየቅኳቸው።

«የኖኅ ጊዜ ውሃ ነዋ! እዚህ ተራራ ላይ ወንዝ የለ፣ ማን ያንከባልለው ኖሯል?» አሉኝ።

ዩኒቨርሲቲ ገብቼ ለእረፍት ስመለስ ታዲያ ያንን ነገር አነሳሁት፤ ያውም በጎረቤት ፊት። «አባባ፣ ይኼ እኮ ተረት ነው። ድንጋዩ እሳተ ገሞራ ነው» አልኳቸው። አያቴ ቤተ ልሔም ወርደው ድጓ ያስመሰከሩ ቄስ ናቸው። ዝም አሉ። ከዚያ በኋላ ስለ ድንጋይ አንስተውልኝ አያውቁም።

ዓመታት አልፈው ነገሩን በደንብ ሳነብ አንድ ነገር ገባኝ። ያልኩት ልክ ነበር፤ የተጠየቀውን ጥያቄ ግን አልመለሰም። እሳተ ገሞራ መሆኑ ድንጋዩ ለምን ክብ እንደሆነ አያስረዳም። አያቴ ግን ምክንያት ነበራቸው፦ ክብ ድንጋይ የሚገኘው ወንዝ ውስጥ ነው፤ እዚህ ወንዝ የለም፤ ስለዚህ አንድ ጊዜ ትልቅ ውሃ መጥቶ ነበር። አይተው ነው የተናገሩት። እኔ ሰምቼ ነው።

የአያቴ አስተሳሰብ የገጠር ሰው የዋህነት የሚመስለው ካለ ወደ እንግሊዝ አገር ይመልከት። ዊልያም በክላንድ ቄስም የኦክስፎርድ የጂኦሎጂ መምህርም ነበር። በ1823 እ.ኤ.አ. ባሳተመው መጽሐፍ በዋሻ ውስጥ የተገኙ አጥንቶችንና በየሸለቆው የተበተነውን ጠጠር የኖኅ ዘመን ውሃ ማስረጃ አደረጋቸው። አዳም ሴጅዊክም ቄስና የካምብሪጅ ጂኦሎጂስት ነበር፤ እሱም ይኼንኑ ያምን ነበር። በ1831 ግን የለንደኑን የጂኦሎጂ ማኅበር በሚመራበት ወንበር ላይ ሆኖ ተሳስቻለሁ አለ። በክላንድም በ1836 ሐሳቡን ቀየረ። ያ ጠጠር በአንድ ጊዜ የመጣ እንዳልሆነ ራሱ ጠጠሩ አሳያቸው፤ ኋላ ላይ አብዛኛው የበረዶ ግግር የገፋው ሆኖ ተገኘ። ሁለቱም ግን ቄስ እንደሆኑ ሞቱ።

ወደ እኛ አገር እንመለስ። ከነፋስ መውጫ በጨጨሆ በኩል ወደ ወሎ የሄደ ሰው መልክዓ ምድሩን ያውቀዋል፦ ገደል፣ ከዚያ ሜዳ፣ ከዚያ ደግሞ ገደል። ልክ ደረጃ ነው። ጂኦሎጂስቶች እንዲህ ያለውን ድንጋይ «ትራፕ» ይሉታል፤ ቃሉ የመጣው ደረጃ ከሚለው የስዊድን ቃል ነው። በ1868 ከናፒየር ጦር ጋር ወደ መቅደላ የዘመተው ጂኦሎጂስት ዊልያም ብላንፎርድ ይኼንኑ ደረጃ አጥንቶ፣ በ1870 ባወጣው መጽሐፍ ንብርብሮቹን በአሸንጌና በመቅደላ ስም ከፈላቸው። በዚያው ዘመቻ ዋዜማ አፄ ቴዎድሮስ ሴባስቶፖልን ከደብረ ታቦር ወደ መቅደላ ሲያስጎትቱ፣ ሠራዊቱ ገደል እየጠረበ መንገድ ያወጣ የነበረው በዚሁ ደረጃ ላይ ነው።

እያንዳንዱ ደረጃ አንድ ወይም ብዙ የቀለጠ ድንጋይ ፍሰት ነው። ከመሬት ስንጥቅ ወጥቶ፣ እንደ ውሃ ሜዳውን ሞልቶ፣ ረግቶ ደነደነ። የሙያው ስሙ ራሱ «የጎርፍ ባዛልት» ነው። ጎርፍስ ነበር፤ የእሳት ጎርፍ።

ዕድሜው እንዴት ይታወቃል? ድንጋይ ሲቀልጥ በውስጡ ያለው አርጎን የተባለ ጋዝ ይወጣል። ሲደነድን ሰዓቱ ከዜሮ ይጀምራል፤ በውስጡ ያለው ፖታሲየም-40 ቀስ በቀስ እየተለወጠ ከፊሉ አርጎን ይሆናል፤ ግማሹ እስኪለወጥ 1.25 ቢሊዮን ዓመት ገደማ ይፈጃል። የተጠራቀመው አርጎን ተለክቶ ዕድሜው ይሰላል። በ1997 እ.ኤ.አ. የታተመ ጥናት እንዳሳየው አብዛኛው የኢትዮጵያ ባዛልት የፈሰሰው ከ30 ሚሊዮን ዓመት በፊት፣ በ1 ሚሊዮን ዓመት ገደማ ውስጥ ነው። ከ4,100 ሜትር በላይ የሚረዝመው ጉና ራሱ በዚያ ላይ የበቀለ፣ ወደ 10 ሚሊዮን ዓመት የሚጠጋው እሳተ ገሞራ ነው።

ልኬቱን የማያምን ሰው ንብርብሩን ይይ። በሁለት የባዛልት ፍሰቶች መካከል ብዙ ቦታ ቀይ አፈር ተጋድሞ ይታያል። ድንጋይ አፈር የሚሆነው ፀሐይና ዝናብ ለረጅም ዘመን ሲፈራረቁበት ነው። ስለዚህ አንዱ ፍሰት ደነደነ፣ አፈር ሆነ፣ ሣር አበቀለ፤ ከዚያ ቀጣዩ መጥቶ ከላይ ተኛበት። እኛ ፕሮግራመሮች ሎግ የምንለው መዝገብ ማለት ነው፤ እዚህ ግን የታችኛው ንብርብር ነው ቀድሞ የተጻፈው። ከጎንደር ከተማ በስተምዕራብ ጭልጋ ላይ ደግሞ ከባዛልቱ በኋላ በተነጠፈ ደለል ውስጥ የ27 ሚሊዮን ዓመት የዝሆን ዘመዶች ቅሪት ተገኝቷል። ይኼ ሁሉ ዓመት በሚሞላ አንድ ውሃ ውስጥ አይገባም።

መጽሐፉስ? ሙሉው በግእዝ ብቻ የተረፈው ኩፋሌ የሰማይና የጥልቁን ሰባት ሰባት አፎች ይቆጥራል፤ መርከቡ ያረፈበትንም ተራራ ሉባር ይለዋል። ይበልጥ የሚያሳስበው ግን ውሃው ለምን መጣ የሚለው ነው፦ ግፍ፣ የፈሰሰ ደም፣ ኖኅ ለልጆቹ የተወው ትእዛዝ። የኛ ሊቃውንት ደግሞ «አንድም» እያሉ ለአንድ ንባብ ከአንድ በላይ ፍቺ ሲሰጡ የኖሩ ናቸው። ከጋይንት ካብ ላይ ማስረጃ ካልለቀምን መጽሐፉ ይወድቃል ያለን ማን ነው?

ባለፈው ክረምት ካቡ ዘንድ ከአያቴ ጋር ተቀመጥን። አንዱን ድንጋይ አንስቼ ልጣጩን በጥፍሬ ፈነቀልኩት። ባዛልት ሲቀዘቅዝ ይሰነጠቃል፤ የዝናብ ውሃ በስንጥቁ ይገባል፤ ማዕዘኑ ከሁለትና ከሦስት ወገን ስለሚጠቃ ቀድሞ ይበሰብሳል፤ እንደ ሽንኩርት እየተላጠ መሐሉ ክብ ሆኖ ይቀራል። የተላጠው ደግሞ የሚታረሰው አፈር ነው። ድንጋዩ አልተንከባለለም፣ እዚሁ ነው የተድበለበለው አልኳቸው። ያን ቀን በጎረቤት ፊት ስላልኩትም ይቅርታ ጠየቅኳቸው።

አያቴ ድንጋዩን ተቀብለው ልጣጩን በጣታቸው አደቀቁት።

«ታዲያ ውሃ ነው አላልኩህም?» አሉኝ።

«ብለውኛል፣ አባባ። ጊዜው ብቻ ነው የረዘመው።»