ከስልኩ በፊት የነበረ እጅ
የዛሬው ፒያሳ፣ አራዳ፣ የጊዮርጊስ ገበያ በነበረበት ዘመን ሴቶች የሚወልዱት በቤታቸው፣ «ማርያም ማርያም» እየተባለላቸው፣ በልምድ አዋላጅ እጅ ነበር። የምጡን ብርታት የምትለካው ሆድ ላይ ያረፈችው እጅ ናት። ዛሬ የፒያሳ ነፍሰ ጡር የምትጠቀምበት የምጥ መቁጠሪያ የስልክ መተግበሪያ የጎደለው ይኸው ነው፦ ምጡ ሲጀምርና ሲያበቃ የተነካበትን ሰዓት ይመዘግባል እንጂ ጥንካሬውን፣ የማሕፀን በር መከፈቱን፣ የፅንሱን የልብ ምት አያውቅም።

ይህ የድሮውን ማሞገስ ነው የሚል ይኖራል። እውነት ነው፤ በቤት የተራዘመ ምጥ ብዙ እናቶችን ገድሏል፣ የተረፉትንም ለፊስቱላ ዳርጓል። የሐምሊን ፊስቱላ ሆስፒታል በአዲስ አበባ የተቋቋመውም ለእነዚህ ሴቶች ነው። መፍትሔው ግን እጅን መተው ሳይሆን ከሰዓት ጋር ማጣመር ሆነ። ተመራማሪዎቹ ፊልፖትና ካስል በ1972 እ.ኤ.አ. ከሮዴዥያ (የዛሬዋ ዚምባብዌ) ልምዳቸው ያሳተሙት የምጥ መከታተያ ቅጽ፣ ፓርቶግራፍ፣ ይህን አሳይቷል፤ አዋላጇ በ10 ደቂቃ ውስጥ የመጣውን ምጥ በእጇ ዳስሳ ትቆጥራለች፣ ከማሕፀን በር መስፋትና ከፅንሱ ልብ ምት ጋርም በአንድ ወረቀት ላይ ታሰፍራለች። በየካቲት 12 ሆስፒታልም ሆነ በሌላ ተቋም፣ የመተግበሪያው ቆጠራ ለአዋላጇ መነሻ እንጂ ፍርድ ሊሆን አይገባም። ደም ከታየ፣ የሽርት ውሃ ከፈሰሰ ወይም የፅንሱ እንቅስቃሴ ከቀነሰ ደግሞ ስልኩ «ገና ነው» ቢልም ወደ ጤና ተቋም መሄድ ነው።