ሲኒማ ያየውና ያላየው ኑሯችን

ሲኒማ በአዲስ አበባ መታየት በጀመረ ጊዜ ሕዝቡ ትርኢቱ የሚታይበትን ቤት «የሰይጣን ቤት» ብሎ እንደ ሰየመው እስከ ዛሬ ይነገራል። ስያሜው ከድንጋጤ ብቻ የመጣ አይመስለኝም፤ በመጋረጃው ላይ ሲሮጡና ሲስቁ የሚታዩት የባሕር ማዶ ሰዎች ስለ ነበሩ ተመልካቹ የራሱን መልክ በዚያ ቤት ሊያገኝ አልቻለም። «ሒሩት አባቷ ማነው» የተባለው ረዥም ፊልም በ1957 ዓ.ም. እስኪወጣ ድረስም ብዙ ዘመን አለፈ።

ከዚያ በኋላ ከተሠሩት ሁሉ የገበሬውን ኑሮ በጥልቀት ያሳየ የኃይሌ ገሪማ «ምርት ሦስት ሺሕ ዓመት» ነው። ባለርስቱ ከፍ ካለ ቦታ ወንበሩን አኑሮ ጭሰኞቹን ሲዘልፍ፥ እነርሱም አንገታቸውን ደፍተው ሲያርሱ እናያለን። አንዳንድ ሰው ሁለት ሰዓት ተኩል መፍጀቱን ይነቅፍበታል፤ የጭሰኛ ቀን ግን በእርግጥ ረዥም ነበረና ነቀፋውን አልቀበለውም። ፊልሙ እ.ኤ.አ. በ1976 ለተመልካች ሲደርስ ያ ሥርዓት በየካቲት 1967 ዓ.ም. በታወጀው የገጠር መሬት አዋጅ ተሽሮ ስለ ነበር፥ የዕለት ኑሮ የነበረው ወዲያው ታሪክ ሆነ።

በ2006 ዓ.ም. የቀረበው የዘረሰናይ ብርሃነ «ድፍረት» ደግሞ ነገሩን ወደ ችሎት ያመጣዋል። ቃሉ ራሱ በቋንቋችን ጀግንነትንም መደፈርንም ይገልጻል። ከትምህርት ቤት ስትመለስ የተጠለፈች የ14 ዓመት ልጅ ጠላፊዋን ትገድላለች፤ ሽማግሌዎች በልማድ፥ ዳኞችም በሕግ ይመዝኗታል። ታሪኩ በተፈጸመበት ዘመን ይሠራበት የነበረው የ1949 ዓ.ም. የወንጀለኛ መቅጫ ሕግ ጠላፊው የጠለፋትን ቢያገባ ከክስ የሚድንበት በር ነበረው፤ ይህ በር የተዘጋው በ1997 ዓ.ም. በሥራ ላይ በዋለው የወንጀል ሕግ ነው። ስለዚህ በፊልሙ የሚታዩትን ሽማግሌዎች ጨካኞች ናቸው ብሎ ማለፍ አይበቃም፤ ልማዱ ከሕጉም መጠጊያ ነበረው።

ከእንጅባራ ወይም ከዳንግላ ሆኖ ይህን የሚመለከት ሰው ግን «የእኛስ?» ማለቱ አይቀርም። በ1932 ዓ.ም. እንደ ተመሠረተ የሚነገረው የሰባት ቤት አገው ፈረሰኞች ማኅበር በዓድዋና በአርበኝነት ዘመን የዘመቱትን ፈረሶችና ፈረሰኞች እያሰበ በየዓመቱ ጥር 23 ቀን በእንጅባራ በዓሉን ያከብራል። የፎቶግራፍና የቴሌቪዥን ሰዎችም በዚያ ቀን ይመጣሉ፤ ግልቢያውን፥ የፈረሱን ጌጥና የተነሣውን አቧራ አንሥተው ይመለሳሉ። ነገር ግን ያው ፈረስ ሙሽራ ያጅባል፥ ለለቅሶም ይወጣል፤ በክረምት ብርድ የሚጠብቀውና ሣር አጭዶ የሚያበላው ልጅም በአገውኛ ስሙን እየጠራ ያነጋግረዋል። ገሪማ ለጭሰኛው ያደረገውን ለዚህ ልጅ የሚያደርግ ሰው ካሜራውን ይዞ መምጣት ያለበት ጥር 24 ቀን፥ እንግዶቹ ከሄዱ በኋላ ነው።